ከኮምፒዩተር ወደ ዓይን በአየር ላይ፦ የምናባዊ እውነታ ጨዋታዎች ያለ ገመድ እንዴት ይተላለፋሉ?

ይህን መጽሔት እንደያዛችሁ አንድ ቀላል ሙከራ አድርጉ። መጽሔቱን ሳታንቀሳቅሱ ራሳችሁን ፈጠን አድርጋችሁ ወደ ግራና ወደ ቀኝ እያዞራችሁ ይህን መስመር አንብቡ። ያለ ችግር ይነበባል። ቀጥሎ ደግሞ ራሳችሁን አጽንታችሁ መጽሔቱን በዚያው ፍጥነት ግራና ቀኝ አወዛውዙት። ፊደላቱ ይደበዝዛሉ፤ ማንበብም ያስቸግራል። በራስና በወረቀቱ መካከል ያለው አንጻራዊ እንቅስቃሴ በሁለቱም ጊዜ ተመሳሳይ ሆኖ ሳለ ውጤቱ ለምን ተለያየ? ምክንያቱ በውስጠኛው ጆሯችን ውስጥ የሚገኙት በፈሳሽ የተሞሉ ሦስት ከፊል ክብ ቦዮች ናቸው። ራስ በዞረ ቁጥር እነዚህ ቦዮች የመዞሩን ፍጥነት ይለካሉ፤ ልኬቱም በአጭር የነርቭ መንገድ ወደ ዓይን ጡንቻዎች ይደርሳል፤ ዓይንም ራስ ከዞረበት በተቃራኒ አቅጣጫ በእኩል ፍጥነት ይዞራል። ይህ ሁሉ የሚከናወነው በ10 ሚሊ ሰከንድ ገደማ ውስጥ ነው። ወረቀቱ ብቻ ሲንቀሳቀስ ግን ጆሮ የሚያውቀው ነገር ስለሌለ ዓይን ዘግይቶ ለመከተል ይገደዳል።

በዚህ ጽሑፍ የምንመለከተው መሣሪያ ተወዳዳሪው ይኸው የተፈጥሮ ሥርዓት ነው። ራስ ላይ የሚጠለቅ፣ በሁለቱ ዓይኖች ፊት ሁለት ትንንሽ ማሳያዎችን የሚያስቀምጥና በተለምዶ ሄድሴት የሚባል መሣሪያ ተመልካቹን በሌላ ዓለም ውስጥ ያለ ያህል እንዲሰማው ያደርጋል። ራስ ሲዞር በማሳያው ላይ ያለው ዓለም ወዲያውኑ በተቃራኒው መዞር አለበት። ከዘገየ ጆሮና ዓይን የተለያየ ምስክርነት ይሰጣሉ፤ የሁለቱ አለመስማማትም ማዞርንና ማቅለሽለሽን ያስከትላል። የዓባይን በረሃ በአውቶቡስ ሲወርድ መጽሐፍ ለማንበብ የሞከረ ሰው ስሜቱን ያውቀዋል። እዚያ ጆሮ «እየዞርን ነው» ሲል ዓይን «ገጹ አልተንቀሳቀሰም» ይላል። በዘርፉ የሚሠሩ መሐንዲሶች ከራስ እንቅስቃሴ እስከ አዲሱ ብርሃን ያለው ጊዜ ከ20 ሚሊ ሰከንድ እንዳይበልጥ የሚመኙት በዚህ ምክንያት ነው።

ጨዋታውን ሌላ ኮምፒዩተር ለምን ይሥራው?

ራስ ላይ የሚጠለቅ የኮምፒዩተር ማሳያ አዲስ ሐሳብ አይደለም። አሜሪካዊው አይቫን ሰዘርላንድ እ.ኤ.አ. በ1968 የሠራው መሣሪያ ከጣሪያ ላይ ተንጠልጥሎ የሚያርፍ፣ በቀጭን የብርሃን መስመሮች የተሠሩ ቅርጾችን ብቻ የሚያሳይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2016 ለገበያ የቀረቡት ኦኩለስ ሪፍትና ኤችቲሲ ቫይቭም ቢሆኑ በወፍራም ገመድ ከኮምፒዩተር ጋር የታሰሩ ነበሩ። ተጫዋቹ ሁለት ሦስት ጊዜ ከዞረ ገመዱ እግሩ ላይ ይጠመጠማል። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣው ኦኩለስ ክዌስት ካሜራውን፣ ማቀነባበሪያውንና ባትሪውን በአንድ አካል ይዞ ስለመጣ ራሱን የቻለ ሄድሴት በብዙኃን ዘንድ የታወቀው ከዚያ ወዲህ ነው።

ነጻነቱ ግን ዋጋ አለው። በቀጣዩ ዓመት የወጣውን ክዌስት 2ን እንውሰድ። ባትሪው 14 ዋት ሰዓት ገደማ ይይዛል፤ መሣሪያው ከ2 እስከ 3 ሰዓት ይሠራል። ስለዚህ ለማሳያው፣ ለካሜራዎቹ፣ ለሬዲዮውና ለማቀነባበሪያው በጠቅላላ የሚደርሰው ኃይል በአማካይ 6 ዋት እንኳ አይሞላም። በአንጻሩ በዚያው ዓመት የወጣው አርቲኤክስ 3080 የተባለው የኮምፒዩተር ግራፊክስ ካርድ ብቻውን እስከ 320 ዋት ይወስዳል፤ ይህም ከ50 እጥፍ በላይ ነው። የኃይሉ ልዩነት የሥራ ልዩነት መሆኑን ለመረዳት ብዙ ማሰብ አያሻም። ግንባር ላይ 320 ዋት ሙቀት መሸከም የሚችል ሰው ስለሌለም፣ ልዩነቱ ማቀነባበሪያዎች በተሻሻሉ ቁጥር እየጠበበ ቢሄድም የሚጠፋ አይመስለኝም።

ቫልቭ የተባለው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2020 ያወጣው «ሃፍ ላይፍ አሊክስ» ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። ጨዋታው ቢያንስ 12 ጊጋባይት የማስታወሻ አቅም ያለው ኮምፒዩተር ይጠይቃል፤ ክዌስት 2 ያለው 6 ብቻ ነው። ታዲያ ጨዋታው በኮምፒዩተሩ ላይ ቢሠራና ምስሉ ብቻ በሬዲዮ ሞገድ ወደ ሄድሴቱ ቢላክስ? ይህን የሚያደርጉ ፕሮግራሞች አሉ። ኤኤልቪአር የተባለው በነጻ የሚታደል ነው፤ ቨርችዋል ዴስክቶፕ በክፍያ ይገኛል፤ የሄድሴቱ አምራች ኤር ሊንክን እ.ኤ.አ. በ2021፣ ቫልቭ ደግሞ ስቲም ሊንክን እ.ኤ.አ. በ2023 መጨረሻ ለክዌስት አቅርበዋል። በዝርዝር ይለያያሉ እንጂ የሚፈቱት እንቆቅልሽ አንድ ነው።

የአንዱ ምስል ጉዞ

ሄድሴቱ በካሜራዎቹና በውስጡ ባሉት የእንቅስቃሴ መለኪያዎች የራስን ቦታና አቅጣጫ ያሰላል። ቦታን ለመግለጽ 3 ቁጥሮች፣ አቅጣጫን ለመግለጽ 4 ቁጥሮች ይበቃሉ። እያንዳንዱ ቁጥር 4 ባይት ቢወስድ ጠቅላላው 28 ባይት ነው፤ በሰከንድ 90 ጊዜ ቢላክ እንኳ ከ3 ኪሎባይት አያልፍም። ወደ ኮምፒዩተሩ የሚሄደው መልእክት እንግዲህ እጅግ ቀላል ነው። ኮምፒዩተሩ በዚያ መሠረት ለግራና ለቀኝ ዓይን ሁለት ምስል ይሥላል፤ ያምቃል፤ በራውተር በኩል ይልካል። ሄድሴቱ ተቀብሎ ይፈታል፤ ከዚያም ማሳያው ላይ ያወጣል። በሰከንድ 90 ምስል ለማሳየት ለእያንዳንዱ የሚደርሰው ጊዜ 11.1 ሚሊ ሰከንድ ነው። ሥራዎቹ እንደ ፋብሪካ መስመር ተከታትለው ስለሚሄዱ ግን አንድ ምስል ከመነሻው እስከ መድረሻው የሚቆየው ከዚህ በላይ ነው፤ ደኅና ተደርጎ በተዘጋጀ ቤት ውስጥ በተለምዶ ከ40 እስከ 60 ሚሊ ሰከንድ ይፈጃል።

ከ20 በታች ተመኝተን 50 አገኘን ማለት ነው። ይህን ትልቅ ልዩነት የሚሸፍነው ብልሃት የዚህ ጽሑፍ ዋና ፍሬ ነገር ነው፤ አስቀድመን ግን ምስሉ በአየር ላይ ማለፍ መቻሉን እንይ።

ግመልን በመርፌ ቀዳዳ

የክዌስት 2 ማሳያ ለአንድ ዓይን 1,832 በ1,920 ፒክሰል አለው። ለሁለት ዓይን 7,034,880 ፒክሰል ይሆናል። ለእያንዳንዱ ፒክሰል 24 ቢት፣ በሰከንድ ደግሞ 90 ምስል ብንቆጥር በሰከንድ 15.2 ጊጋቢት ገደማ እናገኛለን። በአንጻሩ በቤት ውስጥ ዋይ ፋይ ለዚህ ሥራ በአስተማማኝ ሁኔታ የሚመደበው 150 ሜጋቢት አካባቢ ነው። ስለዚህ ምስሉ 100 እጥፍ መታመቅ አለበት።

የመጀመሪያው ግማሽ በቀላሉ ይገኛል። የሰው ዓይን የብርሃንን መጠን በጥራት ቢለይም የቀለምን ዝርዝር ያን ያህል አይለይም፤ ስለዚህ የቀለሙ መረጃ ለአራት ፒክሰሎች አንድ ጊዜ ብቻ ቢጻፍ 24ቱ ቢት ወደ 12 ይወርዳል። የቀረውን 50 እጥፍ የሚያስገኙት ኤች 264፣ ኤች 265 ወይም ኤቪ1 የተባሉት የቪዲዮ እመቃ ዘዴዎች ናቸው። እነዚህም በመሠረቱ «ከቀደመው ምስል ምን ተለወጠ?» ብለው ይጠይቃሉ። ግድግዳው ካልተለወጠ እንደገና አይላክም፤ ራስ በመዞሩ ምክንያት ግድግዳው በሙሉ 30 ፒክሰል ወደ ግራ ከሄደ «30 ወደ ግራ» የሚለው ብቻ ይላካል። ጭስ፣ ቅጠል የበዛበት ጫካና የሚወርድ በረዶ ለዚህ ዘዴ ጠላቶች ናቸው፤ እያንዳንዱ ነጥብ በየራሱ መንገድ ይሄዳልና። በእንዲህ ያሉ ትዕይንቶች ላይ ምስሉ ድንገት ጭቃ የተቀባ የሚመስለው ለዚህ ነው።

ተራ ፊልም ሲታመቅ አንድ ምስል ከቀደመውም ከሚቀጥለውም ጋር እየተነጻጸረ ይጻፋል። በእኛ ጉዳይ ይህ አይፈቀድም፤ የሚቀጥለውን መጠበቅ ማለት ቢያንስ ሌላ 11 ሚሊ ሰከንድ ማባከን ነውና። ስለሆነም ንጽጽሩ ወደ ኋላ ብቻ ይሆናል። በተጨማሪም የሄድሴት ሌንስ በጎን በኩል ያለውን ምስል ስለሚያደበዝዝ፣ ዓይንም ጥርት አድርጎ የሚያየው ሁለት ዲግሪ ያህል ስፋት ያለውን መካከለኛ ክፍል ብቻ ስለሆነ፣ የምስሉ ጠርዝ ከመካከሉ ይበልጥ ተጨፍልቆ ይላካል። ተጫዋቹ ራሱን ሳያዞር በዓይኑ ብቻ ወደ ጎን ካልሰረቀ በስተቀር ጉድለቱን አያስተውልም።

አየሩ የጋራ ነው

150 ሜጋቢትን ለ90 ምስል ብናካፍል ለአንድ ምስል 1.67 ሜጋቢት ወይም 208 ሺህ ባይት ገደማ ይደርሳል። ይህ ደግሞ 1,400 ባይት በሚያህሉ 149 እሽጎች ተከፋፍሎ ይላካል። እዚህ ላይ ብዙዎች የሚስቱት ነገር አለ። «150 ብቻ ከሆነ የሚፈለገው፣ በእውነት 200 ሜጋቢት የሚያስተላልፍ ራውተር ይበቃል» ይላሉ። አሥሉት፤ በ200 ሜጋቢት አንዱን ምስል ለማስተላለፍ 8.3 ሚሊ ሰከንድ ይወስዳል፤ በ600 ግን 2.8 ብቻ። የሚተላለፈው መረጃ አንድ ዓይነት ሆኖ ሳለ 5.5 ሚሊ ሰከንድ አተረፍን። የመስመር ፍጥነት አቅም ብቻ ሳይሆን ጊዜም ነው ማለት ነው።

ሁለተኛው ችግር አየር የጋራ መንገድ መሆኑ ነው። የዋይ ፋይ መሣሪያዎች ከመናገራቸው በፊት ያዳምጣሉ፤ ሌላ መሣሪያ እየተናገረ ከሆነ ዝም ብለው ይጠብቃሉ፤ ከዚያም በዕጣ የተወሰነ ጥቂት ጊዜ ቆይተው ይጀምራሉ። የጎረቤት ስልክ ፊልም ሲያወርድ የእኛ 149 እሽጎች ወረፋ ይይዛሉ። አማካይ መዘግየቱ ትንሽ ሆኖ እንኳ አልፎ አልፎ የሚመጣ የ30 ሚሊ ሰከንድ ጥበቃ ጨዋታውን ያበላሻል። ብሉቱዝና የማይክሮዌቭ ምድጃ ጭምር የሚጋሩት የ2.4 ጊጋኸርዝ ሞገድ ለዚህ ሥራ አይመከርም፤ የ5 ወይም የ6 ጊጋኸርዙ ይሻላል፤ ግድግዳን የማለፍ ችሎታው ዝቅተኛ ስለሆነ ግን ራውተሩ እዚያው ክፍል ውስጥ መሆን አለበት። ኮምፒዩተሩም ከራውተሩ ጋር በገመድ መገናኘት ይኖርበታል፤ አለዚያ አንዱ እሽግ ከኮምፒዩተር ወደ ራውተር፣ ከራውተር ወደ ሄድሴት እያለ ያንኑ አየር ሁለት ጊዜ ይጠቀማል።

ለአገራችን አንባብያን አንድ ነገር በቅንፍ ላንሣ። በዚህ ሁሉ ውስጥ የኢንተርኔት ፍጥነት የለበትም። እሽጎቹ ከቤት አይወጡም፤ የኢንተርኔት መስመሩ ቀርፋፋ ቢሆን ወይም ጭራሹኑ ቢቋረጥ አስቀድሞ የተጫነ ጨዋታ ምስሉን ከማስተላለፍ አይገታም።

የጠፋ እሽግ ቢኖርስ? ድረ ገጽ ስናነብ የጠፋው እንደገና እስኪላክ እንጠብቃለን። እዚህ ግን ዘግይቶ የደረሰ እሽግ ጊዜው እንዳለፈበት የሎተሪ ትኬት ነው። ስለዚህ በተለምዶ የሚመረጠው ዩዲፒ የተባለው፣ ልኮ ወደ ኋላ የማይመለከተው የግንኙነት ሥርዓት ነው። ጉድለቱ በተከታዮቹ ምስሎች ላይ እንዳይዛመት ሄድሴቱ በራሱ የቆመ አዲስ ሙሉ ምስል ይጠይቃል።

መተንበይና ማረም

አሁን ወደ 50 ሚሊ ሰከንዱ እንመለስ። ራስ በሰከንድ 100 ዲግሪ ፍጥነት ቢዞር በ50 ሚሊ ሰከንድ ውስጥ 5 ዲግሪ ይሄዳል። ክንዳችሁን ዘርግታችሁ አውራ ጣታችሁን ብትመለከቱ ስፋቱ 2 ዲግሪ ያህል ነው፤ ስለዚህ ዓለሙ በሁለት ተኩል አውራ ጣት ወደ ኋላ ቀረ ማለት ነው። በክዌስት 2 ማሳያ ላይ ይህ 100 ፒክሰል ገደማ ይሆናል። እንዲህ ያለውን ዓለም ማንም ለአምስት ደቂቃ አይታገሠውም።

የመጀመሪያው መፍትሔ መተንበይ ነው። ሥርዓቱ ራስ አሁን ያለበትን ሳይሆን ምስሉ በሚታይበት ቅጽበት የሚኖርበትን ቦታ ገምቶ ያንን ያሥላል። ራስ ክብደት ያለው አካል ስለሆነ አካሄዱ በድንገት አይለወጥም፤ ግምቱም ብዙ ጊዜ ይሰምራል። ይሁን እንጂ ፍጥነቱ ራሱ እየተለወጠ ከሆነ ስሕተቱ በጊዜው ካሬ ያድጋል፤ የፍጥነቱ ለውጥ ግማሽ በጊዜው ካሬ ሲባዛ ነው። ለምሳሌ የመዞሪያው ፍጥነት በእያንዳንዱ ሰከንድ በ1,000 ዲግሪ በሰከንድ የሚጨምር ቢሆን፣ ለ20 ሚሊ ሰከንድ የተደረገ ትንበያ በ0.2 ዲግሪ ይሳሳታል፤ ለ50 የተደረገው ግን በ1.25 ዲግሪ። ጊዜው 2.5 እጥፍ ሲሆን ስሕተቱ ከ6 እጥፍ በላይ ሆነ።

ሁለተኛው መፍትሔ እኔ እጅግ የማደንቀው ነው። ኮምፒዩተሩ የሚልከው እያንዳንዱ ምስል «የተሣልሁት ራስ በዚህ አቅጣጫ ሲሆን ነው» የሚል መለያ ይዞ ይመጣል። ሄድሴቱ ምስሉን ወደ ማሳያው ከማውጣቱ በፊት በመጨረሻዋ ቅጽበት መለኪያዎቹን ያነብባል፤ በመለያውና በእውነተኛው አቅጣጫ መካከል ያለውን ልዩነት ያሰላል፤ ምስሉንም በዚያ ልዩነት ልክ አዙሮ ያሳያል። ይህ ሥራ ለሄድሴቱ ደካማ ማቀነባበሪያ እንኳ ቀላል ነው። ምስሉ ከ50 ሚሊ ሰከንድ በፊት የተሣለ ቢሆንም ራስ ለሚያደርገው መዞር የሚሰጠው ምላሽ ጥቂት ሚሊ ሰከንድ ብቻ ይዘገያል። ጆሮና ዓይን ይታረቃሉ።

አሠራሩ በግልጽ የሚታየው ዋይ ፋዩ ለአፍታ ሲቋረጥ ነው። የመጨረሻው ምስል እንደ ተሰቀለ ሥዕል በቦታው ይቆማል፤ ራሳችሁን ስታዞሩ ሥዕሉ አብሯችሁ አይዞርም፤ ከጠርዙ ወዲያ ያለው ጥቁር ባዶ ይገለጣል። ብዙዎች ይህን ብልሽት ነው ይላሉ፤ በእርግጥ ግን ሄድሴቱ የሚያዞረው አዲስ ምስል ባያገኝም የማዞር ሥራውን እንዳላቋረጠ ማስረጃ ነው።

ማዞር ግን ሁሉን አያርምም። ራስ ሳይዞር ወደ ጎን በሰከንድ ግማሽ ሜትር ቢሄድ በ50 ሚሊ ሰከንድ ውስጥ 2.5 ሴንቲ ሜትር ይርቃል። በ50 ሴንቲ ሜትር ርቀት ያለ ጠርሙስ በዚህ ጊዜ 3 ዲግሪ ገደማ መንቀሳቀስ አለበት፤ ከአድማስ ያለው ተራራ ግን ምንም። ሁለቱን በአንድ ማዞር ማስተካከል አይቻልም፤ የእያንዳንዱን ነገር ርቀት ማወቅ ያስፈልጋል፤ ርቀቱ ቢታወቅም እንኳ ጠርሙሱ ሸፍኖት የነበረው የግድግዳ ክፍል በምስሉ ውስጥ ስላልነበረ ከየት ይመጣል? በሚተላለፉ ጨዋታዎች ውስጥ ቅርብ ያለ ነገር ላይ ጎንበስ ስንል ዓለሙ ለዘብ ያለ ጄሊ የሚመስለን ከዚህ የተነሣ ነው።

የእጅ ጉዳይ ደግሞ ይብሳል። በጨዋታው ውስጥ የሚታየው እጃችን የምስሉ አካል ሆኖ የተሣለ ስለሆነ የራሱ ማረሚያ የለውም፤ ያለው ትንበያ ብቻ ነው። «ቢት ሴበር» በተባለው ጨዋታ ተጫዋቹ በሙዚቃ ምት በሰይፍ ኩቦችን ይቆርጣል። እጅ በሰከንድ 3 ሜትር ቢወነጨፍ በ50 ሚሊ ሰከንድ 15 ሴንቲ ሜትር ይሄዳል፤ እጅም እንደ ራስ ረጋ ያለ አይደለም፤ በቅጽበት አቅጣጫውን ይለውጣል። ፈጣን ተጫዋቾች ይህን ጨዋታ በሄድሴቱ ላይ በቀጥታ ሲሠራ የሚመርጡት ያለ ምክንያት አይደለም። አሊክስን የመሰለ፣ ቀስ ብሎ መሳቢያ መክፈትና ዕቃ ማንሣት የሚበዛበት ጨዋታ ግን መዘግየቱን በደንብ ይታገሣል።

በእጅ የሚሠራ ልኬት

በሰከንድ 240 ምስል የሚቀርጽ ስልክ ያለው ተማሪ መዘግየቱን ራሱ ሊለካ ይችላል። ሄድሴቱን ሌንሶቹ ወደ እናንተ እንዲሆኑ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጡ፤ በሌንሶቹ መካከል ያለውን፣ መሣሪያው ፊት ላይ መሆኑን የሚያውቅበትን መለኪያ በወረቀት ሸፍኑ። ጓደኛችሁ የእጅ መቆጣጠሪያውን ከሄድሴቱ ባሻገር ካሜራዎቹ በሚያዩት ቦታ ይያዝ። ስልኩ አንዱን ሌንስና እውነተኛውን እጅ አንድ ላይ እንዲያይ አድርጋችሁ መቅረጽ ጀምሩ፤ ጓደኛችሁም ከፍጹም ዕረፍት ተነሥቶ እጁን ድንገት ያንቀሳቅስ። ቀረጻውን በዝግታ እየተመለከታችሁ እውነተኛው እጅ ከተነሣበት እስከ ሥዕሉ እጅ መነሻ ያሉትን ምስሎች ቁጠሩ። አንዱ ምስል 4.2 ሚሊ ሰከንድ ገደማ ስለሆነ 12 ብትቆጥሩ 50 ሚሊ ሰከንድ ነው።

እጁ ከዕረፍት መነሣት ያለበት በምክንያት ነው። አስቀድሞ በሚንቀሳቀስ እጅ ላይ ትንበያው መዘግየቱን ስለሚደብቅ ልኬቱ አንሶ ይወጣል። ፈቃደኛው እጁን እንደ ፔንዱለም ግራና ቀኝ ቢያወዛውዝ ደግሞ ሌላ የሚያስገርም ነገር ታያላችሁ፤ በመካከል ላይ ሁለቱ እጆች አብረው ይሄዳሉ፤ መመለሻው ጫፍ ላይ ግን የሥዕሉ እጅ አልፎ ሄዶ ይመለሳል።

ኮምፒዩተሩ ሩቅ አገር ቢሆንስ?

ኃይለኛ ኮምፒዩተር መግዛት ለማይችል ሰው ኮምፒዩተሩን ከሩቅ መከራየት ማራኪ ሐሳብ ነው። በመስታወት ክር ውስጥ ብርሃን በሰከንድ 200,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ይጓዛል፤ በአንድ ሚሊ ሰከንድ 200 ኪሎ ሜትር ማለት ነው። ከአዲስ አበባ ፍራንክፈርት በቀጥታ መስመር 5,300 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሚርቅ ደርሶ ለመመለስ ብቻ 53 ሚሊ ሰከንድ ያስፈልጋል፤ እውነተኛው ገመድ የሚዞርበት መንገድና በየጣቢያው የሚጠፋው ጊዜ ሳይቆጠር። ይህ በቤት ውስጥ ባለው 50 ላይ ሲደመር መዘግየቱ ከ100 በላይ ይሆናል፤ ከላይ ባየነው ስሌትም የትንበያው ስሕተት ቢያንስ 5 ዲግሪ ይደርሳል። ምንም ዓይነት ራውተር ይህን አይለውጠውም።

ርቀቱ ከ5 ሚሊ ሰከንድ በላይ እንዳይጨምር የሚፈልግ መሐንዲስ ማሽኑን በ500 ኪሎ ሜትር ክልል ውስጥ ማስቀመጥ አለበት። አዲስ አበባ ላይ ያለ ማሽን በዚህ ሒሳብ ለባሕር ዳርም ለድሬዳዋም በቂ ቅርበት አለው። የመስመሩ እውነተኛ ርዝመት ከቀጥታው 1.5 እጥፍ ቢሆንና በመንገዱ ላይ ባሉ 8 ጣቢያዎች፣ ሲሄድም ሲመለስም በእያንዳንዱ፣ 0.1 ሚሊ ሰከንድ ቢጠፋ ክልሉ ወደ ስንት ኪሎ ሜትር እንደሚጠብ ማሥላቱን ለአንባቢው እንተዋለን።